ፕሬዚዳንቱ ምክትሉን ለምን አያባርረውም?

ደሴ ፒያሳ ቡና የሚጠጣ ሰው ዜናን ዝም ብሎ አያሳልፍም። በተለይ የተኮራረፉ ፕሬዚዳንትና ምክትል ፕሬዚዳንት ዜና ከመጣ ጨዋታው ይደራል። ኬንያ ይሁን ደቡብ ሱዳን ጥያቄው ያው ነው፤ «አለቃው እሱ አይደል እንዴ? ለምን አያባርረውም?»

ጥያቄው ቀላል ይመስላል። መልሱ ግን እንደ አገሩ ይለያያል። አንዳንዱ ፕሬዚዳንት ጠዋት ደብዳቤ ጽፎ ከሰዓት ምክትል አልባ ይሆናል። ሌላው ደግሞ የጠላውን ሰው አምስት ዓመት ሙሉ ጎኑ አስቀምጦ፣ በበዓል ቀን እጁን እየጨበጠ፣ ማባረር አቅቶት ይኖራል። ልዩነቱን ያመጣው የሰዎቹ ጠባይ እንዳይመስላችሁ። ምክትሉን ወንበሩ ላይ ያስቀመጠው ማን ነው? ነገሩ ያለው እዚያ ላይ ነው።

አብዛኞቻችን ምክትል ፕሬዚዳንትን የምናስበው እንደ መሥሪያ ቤት ምክትል ሥራ አስኪያጅ ነው። አለቃ ይሾመዋል፣ አለቃ ያነሳዋል። ብዙ አገር ውስጥ ግን ነገሩ የሚቀርበው ለቅሬ፣ ማለትም ለወሎው እድር ነው። የቅሬው ዳኛና ምክትሉ ቢጣሉ፣ ዳኛው «በቃ፣ ከዛሬ ጀምሮ ቤትህ ግባ» ማለት አይችልም። ሁለቱንም የመረጣቸው ቅሬተኛው ነዋ። ዳኛው የሚችለው ሥራ አለመስጠት ነው። ድንኳን የሚተክሉትን ሲመድብ ያልፈዋል፣ ስብሰባ ሲጠራ ይረሳዋል፣ ገንዘቡን በሌላ ሰው በኩል ያንቀሳቅሳል። ምክትሉ ግን ምክትል ነው። ዳኛው የሞተ ቀን ደግሞ ሰብሳቢው እሱ ነው።

የናይጄሪያ፣ የኬንያ፣ የማላዊና የአሜሪካ ምክትሎች እንደዚህ ናቸው። ከፕሬዚዳንቱ ጋር በአንድ የምርጫ ወረቀት ጎን ለጎን ቀርበው ይመረጣሉ። ሕዝቡ ድምፅ የሰጠው ለሁለቱም ስለሆነ አንዱ ሌላውን በደብዳቤ አያነሳም።

ታዲያ የማይባረር ሰው ለምን ይመርጣሉ? ለድምፅ ነዋ! እጩው ከደቡብ ከሆነ ከሰሜን ሰው ይፈልጋል። ሕዝቡ ብዙ የሆነ ብሔረሰብ ወይም ክልል ካለ ከዚያ አንድ ሰው ጎኑ ያቆማል። ናይጄሪያ ውስጥ ፕሬዚዳንት የነበሩት ኦባሳንጆ የደቡብ ምዕራብ ሰው ናቸው፣ ምክትላቸው የነበሩት አቲኩ የሰሜን። ኬንያ ውስጥ በ2022 የተመረጡት ፕሬዚዳንት ሩቶ የስምጥ ሸለቆ፣ አብረዋቸው የተመረጡት ምክትል ጋቻጉዋ የኬንያ ተራራ አካባቢ ሰው ናቸው። ምርጫው እስኪያልቅ ሁለቱ አንድ መኪና ላይ ቆመው እጅ ያውለበልባሉ። ምርጫው ሲያልቅ ግን ምክትሉ ሥራው አልቋል፤ የመጣበትን ድምፅ አስረክቧል። ሕገ መንግሥቱም ብዙ ሥራ አልሰጠውም። ፕሬዚዳንቱ የሚሰጠውን ይሠራል፣ ፕሬዚዳንቱ ከሌለ ይተካል። በግልጽ አማርኛ፣ ይጠብቃል ማለት ነው።

የሚጠብቅ ሰው ደግሞ ስለ ቀጣዩ ወንበር ማሰቡ አይቀርም። የፕሬዚዳንትና የምክትል ጠብ ሲባል የኢኮኖሚ ፖሊሲ ክርክር የሚመስለው ካለ ተሳስቷል። ብዙውን ጊዜ ጠቡ አንድ ነገር ላይ ነው፤ ከእኔ በኋላ ማን?

ይህን በደንብ ለማየት ከማላዊ የተሻለ አገር የለም። (የውጭ አገሩን ቀንና ዓመት በፈረንጆቹ፣ የእኛውን በእኛ አቆጣጠር እጽፋለሁ።) ማላዊ ትንሽ አገር ናት፣ በዜናም ብዙ አናያትም። ምክትል ፕሬዚዳንት በማኩረፍ ግን የሚስተካከላት ያለ አይመስለኝም።

ቢንጉ ዋ ሙታሪካ በ2004 ተመረጡ። ምክትላቸው ካሲም ቺሉምፋ ነበሩ። ሙታሪካ ብዙም ሳይቆዩ ያስመረጣቸውን ፓርቲ ትተው የራሳቸውን መሠረቱ፤ ምክትሉ አሮጌው ፓርቲ ውስጥ ቀሩ። እንግዲህ አስቡት፤ አንድ ቤተ መንግሥት፣ ሁለት ፓርቲ። ማባረር ስለማይቻል ፕሬዚዳንቱ በ2006 መላ ፈጠሩ። «ሥራህን ስለማትሠራ በገዛ ፈቃድህ እንደለቀቅህ ቆጥሬሃለሁ» የሚል ይዘት ያለው ደብዳቤ ጻፉላቸው። ፍርድ ቤት አገደው። ትንሽ ቆይቶ ምክትሉ በአገር ክህደት ተከሰው ታሰሩ። ያም ሆኖ ምክትል ፕሬዚዳንት ነበሩ። በቁም እስር ያለ ምክትል ፕሬዚዳንት!

በ2009 ሙታሪካ ሌላ ምክትል ይዘው ተወዳደሩ፣ ጆይስ ባንዳን። የአገሪቱ የመጀመሪያዋ ሴት ምክትል ፕሬዚዳንት ሆኑ። ብዙም ሳይቆይ ወሬው መጣ፤ ፕሬዚዳንቱ በ2014 ወንበሩን ለወንድማቸው ለፒተር ሙታሪካ ሊያወርሱ ይፈልጋሉ። ባንዳ አልደግፍም አሉ። በ2010 መጨረሻ ከፓርቲው ተባረሩ።

ልብ በሉ፣ የተባረሩት ከፓርቲው ነው። ከወንበሩ አይደለም። ባንዳ ምክትል ፕሬዚዳንት ሆነው የራሳቸውን ተቃዋሚ ፓርቲ አቋቋሙ። ለእኛ አገር ጆሮ ይህ ነገር ጤነኛ አይመስልም። እዚያ ግን ሕጋዊ ነበር።

ሚያዝያ 5 ቀን 2012 ፕሬዚዳንቱ ልባቸው ቆመ። ሊሎንግዌ ሆስፒታል ተወሰዱ። ከዚያ አስከሬኑ በአውሮፕላን ወደ ደቡብ አፍሪካ ተጫነ፣ መንግሥት ግን «ለሕክምና ሄደዋል» አለ። ሕዝቡ ሰምቷል፣ ጎረቤት አገር ሰምቷል፣ መንግሥት ዝም። ለምን? ሞቱ በታወጀበት ደቂቃ ፕሬዚዳንቷ ማን እንደሆነች ሕገ መንግሥቱ በግልጽ ጽፏል። የተወሰኑ ሚኒስትሮች ሌሊት መግለጫ ወጡና፣ ባንዳ የራሷን ፓርቲ ስላቋቋመች ሥልጣን ልትረከብ አትችልም አሉ። የፈለጉት ጊዜ ነው። ጊዜ ካገኙ ለወንድምየው መንገድ ይፈልጋሉ።

ባንዳ ለጦሩ አዛዥ ለጄኔራል ሄንሪ ኦዲሎ ስልክ ደወሉ። ከማን ጋር ነህ ማለታቸው ነው። አዛዡ ከሕገ መንግሥቱ ጋር ቆሙ፤ ወታደር ልከው የባንዳን ቤት አስጠበቁ። ሚያዝያ 7 ቀን የፕሬዚዳንቱ ሞት በይፋ ተነገረ፣ በዚያው ቀን ባንዳ ፓርላማ ውስጥ ቃለ መሐላ ፈጸሙ። መሐላው ላይ ቀድሞ ሲሸሹአቸው የነበሩ ብዙ ሰዎች ተገኝተው አጨበጨቡ። ይኼ የትም አገር ያው ነው።

ስለዚህ የማይባረር ምክትል ዋጋው የሚታወቀው በዚህ ዓይነት ሁለት ቀን ነው። ያለዚያ ዓመቱን ሙሉ መኪናና አጃቢ ያለው ሥራ ፈት ነው።

የማላዊ ጉድ ግን አላለቀም። ባንዳ በ2014 ምርጫ ሦስተኛ ወጡ፣ ወንድምየው ፒተር ሙታሪካ አሸነፉ። ምክትላቸው ሳውሎስ ቺሊማ የሚባሉ ወጣት የቴሌኮም ኩባንያ ኃላፊ የነበሩ ሰው ናቸው። እሳቸውም በ2018 ከፓርቲው ወጥተው የራሳቸውን መሠረቱ፤ ወንበሩን ግን አልለቀቁም። የ2019ኙን ምርጫ ፍርድ ቤት ሰረዘው፤ የውጤት ቅጾች በማጥፊያ ቀለም ተነካክተው ተገኝተው ነበር። በ2020 ድጋሚ ምርጫ ቺሊማ ከላዛረስ ቻክዌራ ጋር ተጣምረው አሸነፉ። እንደገና ምክትል ሆኑ። ሁለት ዓመት ሳይቆይ ደግሞ ከአዲሱ ፕሬዚዳንትም ጋር ሻከሩ።

በሰኔ 2022 ቺሊማ በሙስና ተጠረጠሩ። ቻክዌራ በቴሌቪዥን ቀርበው የተናገሩት ለእኛ ጥያቄ ከሁሉ የተሻለ መልስ ነው። ሐሳቡ እንዲህ ነበር፤ ሕገ መንግሥቱ ላነሳው አይፈቅድልኝም፤ የምችለው በውክልና የሰጠሁትን ሥራ መንጠቅ ብቻ ነው። ነጠቁም። ክሱ በግንቦት 2024 ተቋረጠ። ሰኔ 10 ቀን 2024 ቺሊማ ለቀብር ሲጓዙ በነበሩበት የጦር አውሮፕላን አደጋ ከሌሎች ስምንት ሰዎች ጋር ሞቱ። ዕድሜያቸው 51 ነበር።

ናይጄሪያ የሄደችው በፍርድ ቤት ነው። ኦባሳንጆና አቲኩ አቡበከር በ1999 እና በ2003 አብረው ተመረጡ። ጠቡ የጦፈው ፕሬዚዳንቱ ለሦስተኛ ጊዜ እንዲወዳደሩ ሕገ መንግሥቱን ለማሻሻል ሲሞከር ነው። አቲኩ ተቃወሙ። በግንቦት 2006 ሴኔቱ ማሻሻያውን ጣለው። አቲኩ ሌላ ፓርቲ ገቡ። በታህሳስ ፕሬዚዳንቱ «ወንበሩ ክፍት ሆኗል» ብለው አወጁ። ነገሩ እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሄደ፤ ፍርድ ቤቱ በ2007 ፕሬዚዳንቱ ይህን የማለት ሥልጣን የላቸውም አለ። አቲኩ በዚያው ዓመት ለፕሬዚዳንትነት ተወዳደሩና ሦስተኛ ወጡ። የማይባረር ወንበር ምርጫ አያሸንፍም፤ ይህም መታወቅ አለበት።

«እሺ፣ ታዲያ ኬንያ ውስጥ ጋቻጉዋን እንዴት አስወጧቸው?» ትሉኝ ይሆናል።

በምክር ቤት ነው። በ2010ሩ የኬንያ ሕገ መንግሥት ፕሬዚዳንቱ ምክትሉን አያባርርም፤ ምክር ቤት ግን ከባድ ጥፋት ካገኘበት በሁለት ሦስተኛ ድምፅ ሊከሰው ይችላል። ከዚያ ሴኔቱ ይዳኛል፣ እዚያም ሁለት ሦስተኛ ያስፈልጋል። ጥቅምት 8 ቀን 2024 ምክር ቤቱ 281 ለ44 ወሰነ። ጥቅምት 17 ሴኔቱ ከ11 ክሶች በአምስቱ ጥፋተኛ አላቸው። በዚያ ቀን ጋቻጉዋ ታመው ሆስፒታል ነበሩ። በምትካቸው ኪቱሬ ኪንዲኪ ገቡ። በማባረሩ ውስጥ የሩቶ ፊርማ የለም። ፕሬዚዳንቱ ምክር ቤቱ ውስጥ ያን ያህል ሰው ካለው፣ «የማይባረር» የሚለው ቃል ጥርሱ ይወልቃል።

የሚገርመው ሩቶ ራሳቸው የዚህ ትምህርት ቤት ምሩቅ ናቸው። ኡሁሩ ኬንያታ በመጋቢት 2018 ከተቀናቃኛቸው ከራይላ ኦዲንጋ ጋር ከተጨባበጡ በኋላ ምክትላቸው ሩቶ ቀዘቀዙባቸው። ስብሰባ ቀሩ፣ ደጋፊዎቻቸው ከኮሚቴ ወጡ። ሩቶ ግን አልለቀቁም። አራት ዓመት ሙሉ የመንግሥት ደመወዝ እየበሉ መንግሥትን ተቹ። በነሐሴ 2022 ፕሬዚዳንቱ የደገፏቸውን ራይላን አሸንፈው ቤተ መንግሥት ገቡ። ከዚያ በሁለት ዓመት ጊዜ ምክትላቸው ወደ ውጭ ተሸኘ። ሩቶ በተቀመጡበት የምክትል ወንበር ላይ የሚፈጠረውን ከማንም በላይ ስለሚያውቁ ይመስለኛል።

በራይላ አባት ዘመን ደግሞ ሌላ መንገድ ነበር። ኦጊንጋ ኦዲንጋ የኬንያ የመጀመሪያው ምክትል ፕሬዚዳንት ናቸው። በ1966 ገዥው ፓርቲ ሊሙሩ ላይ ጉባኤ ጠርቶ፣ ኦዲንጋ የያዙትን የፓርቲ ምክትል መሪነት ስምንት ቦታ ከፋፈለው። መልእክቱ ገባቸው። ለቀቁ።

አሁን ወደ ሌላው ወገን እንሂድ። ፕሬዚዳንቱ ሾሞ የሚያነሳበት አገር ሰላም ያለው ይመስላል። አለቃ አንድ፣ ነገር አለቀ። ታሪኩ ግን የሚለው ሌላ ነው።

ዚምባብዌ ውስጥ ሙጋቤ በ2014 መጨረሻ ምክትላቸውን ጆይስ ሙጁሩን አባረሩ። ምንም አልሆነም። በምትካቸው ኤመርሰን ምናንጋግዋን ሾሙ። ኅዳር 6 ቀን 2017 እሳቸውንም አባረሩ። ባለቤታቸው ግሬስ ወደ ወንበሩ እየተጠጉ ነው ይባል ነበር። የተባረሩት ሰው ግን ለዓመታት የጸጥታውን ክፍል የሚያውቁ ሰው ናቸው። ድንበር አቋርጠው ወጡ። ሳምንት አለፍ እንዳለ ታንክ ሐራሬ ገባ። ሙጋቤ ኅዳር 21 ለቀቁ፣ ምናንጋግዋ ኅዳር 24 ማሉ። ከደብዳቤው እስከ መሐላው 18 ቀን።

የደቡብ ሱዳኑን አዲስ አበባ ስለተደራደሩበት ሁላችንም ሰምተነዋል። ሳልቫ ኪር በሐምሌ 2013 ሪያክ ማቻርን ከመላው ካቢኔ ጋር በአንድ ውሳኔ አባረሩ። በታህሳስ ጁባ ውስጥ ተኩስ ተከፈተ። ከዚያ በኋላ የማቻር የሥራ ታሪክ እንዲህ ይነበባል፤ ተባረሩ፣ ተዋጉ፣ በ2016 ተመልሰው ተሾሙ፣ በወራት ውስጥ በእግራቸው ወደ ኮንጎ ሸሹ፣ በ2020 እንደገና አንደኛ ምክትል ፕሬዚዳንት ሆኑ፣ በመጋቢት 2025 የቁም እስር ገቡ። እዚህ ጉዳዩ ሕግ መሆኑ ቀርቷል። ምክትሉ ጦር ካለው መባረሩ ወረቀት ላይ ብቻ ነው። ጦር ያለውን ምክትል ማባረር ጦርነት ማወጅ ነው፣ ማስቀመጥ ደግሞ ሁለት መንግሥት ማኖር ነው። ለዚህ መፍትሔ ያለው ሕገ መንግሥት አላየሁም።

«የእኛስ?» የሚል አለ። እንዳለንማ አለን።

የደርግ ሊቀ መንበር ጄኔራል ተፈሪ ባንቲ ሲሆኑ አንደኛ ምክትሉ መንግሥቱ ኃይለ ማርያም፣ ሁለተኛው አጥናፉ አባተ ነበሩ። በታህሳስ 1969 መዋቅሩ ተቀይሮ የመንግሥቱ ሥልጣን ተቀነሰ። ልክ እንደ ቺሊማ፣ ወንበሩ ሳይነካ ሥራው ተነጠቀ። ጥር 26 ቀን 1969 ጄኔራሉና ሌሎች የደርግ አባላት ተገደሉ፤ ምክትሉ ሊቀ መንበር ሆነ። በቀጣዩ ኅዳር አጥናፉም ተረሸኑ። ፍርድ ቤት የለ፣ ሴኔት የለ። በግንቦት 1983 መንግሥቱ ሲወጣ ደግሞ ምክትል ፕሬዚዳንቱ ጄኔራል ተስፋዬ ገብረ ኪዳን ተተኩ። ሳምንት ያህል ፕሬዚዳንት ሆኑና ጣሊያን ኤምባሲ ገቡ። ከዚያ በሕይወት አልወጡም።

የደሴ ሰው ግን ከዚያ የቆየውንም ያውቃል። አይጠየፍ አዳራሽን ያሠሩት ንጉሥ ሚካኤል ልጃቸው ኢያሱ ከሥልጣን ሲወርዱ ከወሎ ጦር ይዘው የዘመቱት፣ ሰገሌ ላይም የተማረኩት በ1909 ነው። ኢያሱን ያወረዱት መኳንንት መስከረም 17 ቀን በአንድ አዋጅ ሁለት ሰው ሾሙ፤ ዘውዲቱን ንግሥተ ነገሥታት፣ ተፈሪን አልጋ ወራሽና እንደራሴ። በእኔ ግምት ይህ ከኬንያው የምርጫ ወረቀት ብዙ አይለይም። ሁለቱንም የሾማቸው አንድ አካል ስለሆነ ንግሥቲቱ እንደራሴውን በቃሏ ብቻ ልታነሳው አልቻለችም። ለ13 ዓመታት ሁለት ችሎት፣ ሁለት ደጅ ጠኚ። በ1921 መጀመሪያ ላይ የንግሥቲቱ ወገኖች ተፈሪን ሊያስወግዱ ሞክረው ሳይሳካ ቀረ፤ ያገኙት ውጤት ተፈሪ ንጉሥ ተብለው መውጣታቸው ነው።

ዛሬስ? ዛሬ ሥራ አስፈጻሚው ጠቅላይ ሚኒስትሩ ስለሆነ ከምክትል ፕሬዚዳንት ጋር የሚመሳሰለው ምክትል ጠቅላይ ሚኒስትሩ ነው። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 75 አጭር ነው። ምክትሉ ጠቅላይ ሚኒስትሩ ለይቶ የሚሰጠውን ሥራ ያከናውናል፤ ጠቅላይ ሚኒስትሩ በማይኖርበት ጊዜ ተክቶት ይሠራል፤ ተጠሪነቱም ለጠቅላይ ሚኒስትሩ ነው። ከሕዝብ በቀጥታ ያገኘው የራሱ ድምፅ የለውም። ስለዚህ የአደባባይ ጠብ አንሰማም። ካለም የሚያልቀው ፓርቲው ውስጥ ነው።

አንድ ነገር ግን አንቀጹ አይናገርም። «በማይኖርበት ጊዜ» ማለት ጉዞ ነው? ሕመም ነው? ሞት ነው? እስከ መቼስ ነው የሚተካው? በነሐሴ 2004 መለስ ዜናዊ ሲሞቱ ይህ ጥያቄ በተግባር መጣ። ኃይለ ማርያም ደሳለኝ በማግሥቱ ጠቅላይ ሚኒስትር አልሆኑም፤ ተክተው እየሠሩ አንድ ወር ገደማ ቆዩ። መጀመሪያ የኢሕአዴግ ምክር ቤት ሊቀ መንበር አድርጎ መረጣቸው፣ ከዚያ መስከረም 11 ቀን 2005 ፓርላማ ፊት ማሉ። ማላዊ ውስጥ ሁለት ቀን የፈጀው ነገር እዚህ ወር የወሰደው ወንበሩ ያለው ፓርቲው እጅ ስለነበር ነው።